ሜየር ላንስኪ፦ በአምስት ሳንቲም የተጀመረ መንገድ

ዛሬ የምንተርክላችሁ የጀግና ታሪክ አይደለም። ብዙዎች ግን እንደ ጀግና ያወሩለት ሰው ታሪክ ነው። በፊልም የምናያቸው ባለ ኮፍያና ባለ ሲጋራ ማፊያዎች ከየት መጡ? ምን ዓይነት ቤት አሳደጋቸው? መጨረሻቸውስ ምን ሆነ? ብለን ስንጠይቅ ቀድመው ከሚመጡልን ስሞች አንዱ ሜየር ላንስኪ ነው። በ1974 በወጣው የጎድፋዘር ፊልም ሁለተኛ ክፍል ውስጥ ሃይማን ሮት ተብሎ የቀረበው ሽማግሌ የተቀረጸው በዚህ ሰው አምሳል ነው። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ይህን ሰው የመረጥንበት ምክንያት ሁለት ነው። አንደኛው፣ የስደተኛ ልጅ ነበር። አገር ለቆ፣ ቋንቋ ሳያውቅ፣ ድሃ ሰፈር ውስጥ ያደገ ልጅ እንዴት ወደ ወንበዴ ቡድን እንደሚሳብ ከእሱ ሕይወት በግልጽ ይታያል። ሁለተኛው፣ በእርጅናው ወደ እስራኤል መጥቶ የመመለስ ሕግ ይሥራልኝ ብሎ የጠየቀና በሩ የተዘጋበት ሰው ነው። ስለዚህ ታሪኩ የሩቅ አገር ታሪክ ቢመስልም ወደ እኛ ደጅ የሚመጣበት ቦታ አለው።

ከግሮድኖ እስከ ኒውዮርክ

ሜየር ሱኮውሊያንስኪ የተወለደው በ1902 በግሮድኖ ከተማ ነው። ከተማዋ ያን ጊዜ በሩሲያ ንጉሠ ነገሥት ግዛት ሥር ነበረች፤ ዛሬ በቤላሩስ ውስጥ ትገኛለች። የተወለደበት ቀን በትክክል አይታወቅም። አሜሪካ ሲገባ ግን የአገሪቱ የነፃነት በዓል የሚከበርበት ሐምሌ አራት ቀን የልደት ቀኑ ተብሎ ተመዘገበ። ወደ አዲስ አገር ሲገቡ የልደት ቀናቸውን ከመዝገብ ጸሐፊ የተቀበሉ ሰዎች በእኛም ዘንድ ብዙ ስለሆኑ ይህ ነገር ለአንባቢዎቻችን እንግዳ አይሆንም።

ዘመኑ ለሩሲያ አይሁዶች ክፉ ነበር። በ1903 በኪሺኔቭ፣ በ1906 ደግሞ ከግሮድኖ ብዙም በማትርቀው በቢያሊስቶክ አይሁዶች በየቤታቸው ተጨፈጨፉ። በ1881 እና በ1914 መካከል ሁለት ሚሊዮን የሚሆኑ የምሥራቅ አውሮፓ አይሁዶች ወደ አሜሪካ ተሰደዋል። የሜየር አያቶች ግን ልባቸው ወደ ኢየሩሳሌም ነበርና ወደ ቅድስት አገር ሄዱ፤ እዚያም አርፈው ተቀበሩ። አባቱ በ1909 ብቻውን ወደ አሜሪካ ተሻገረ። እናቱ ሜየርንና ታናሽ ወንድሙን ይዛ በ1911 ተከተለችው። ቤተሰቡ መጀመሪያ በብሩክሊን በብራውንስቪል ሰፈር፣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ደግሞ በማንሃተን ሎወር ኢስት ሳይድ በሚባለው ሰፈር ኖረ።

ሎወር ኢስት ሳይድ በዚያን ጊዜ በዓለም ላይ እጅግ ከተጨናነቁ ሰፈሮች አንዱ ነበር። ከአንዱ ጠባብ ክፍል ውስጥ ወላጅ፣ ልጅና ተከራይ አንድ ላይ ያድራሉ። በመንገዱ ላይ ጋሪ ገፊና ሱቅ በደረቴ ይጋፋል። የሜየር አባት በልብስ ፋብሪካ ውስጥ በካውያ ልብስ የሚተኩስ ሠራተኛ ሆነ። በአገሩ የነበረውን ክብር በዚህ አገር አላገኘም። ቀኑን ሙሉ በእንፋሎት ውስጥ ቆሞ ሲውል ማታ ለመናገር እንኳ አቅም አልነበረውም።

ልጆቹ ግን እንግሊዝኛውን በጥቂት ወራት አወቁት። ደብዳቤ የሚያነቡት፣ ከቤት አከራይ ጋር የሚነጋገሩት፣ በመሥሪያ ቤት የሚያስተረጉሙት እነሱ ሆኑ። ልጅ የአባቱ አፍ ሲሆን፣ አባት ልጁን ለመምከር አፍ ያጣል። ይህ ነገር በኒውዮርክ አይሁዶች ላይ ብቻ የደረሰ አለመሆኑን አንባቢዎቻችን ከእኛ በላይ ያውቁታል።

ስም ማጥፋትና እውነትን መጋፈጥ

ሜየር ሲደርስ በዚያ ሰፈር ወንጀል አዲስ ነገር አልነበረም። በ1908 የኒውዮርክ ፖሊስ አዛዥ የነበረው ቴዎዶር ቢንግሃም በአንድ መጽሔት ላይ ከከተማዋ ወንጀለኞች ግማሽ ያህሉ አይሁዶች ናቸው ብሎ ጻፈ። ሕዝቡ ተቆጣ፤ ቁጥሩ ሐሰት መሆኑን አስረዳ፤ አዛዡም የጻፈውን ለማንሳት ተገደደ። ከዚህ ቁጣ የተነሣ በ1909 የኒውዮርክ ቀሂላ የተባለ የማኅበረሰቡ ጉባኤ ተቋቋመ። መሪው ራቢ ይሁዳ ማግነስ ነበሩ። እኚህ ሰው ከዓመታት በኋላ በኢየሩሳሌም የዕብራይስጥ ዩኒቨርሲቲን በበላይነት የመሩ የመጀመሪያው ሰው ሆነዋል።

ይሁን እንጂ በ1912 ሄርማን ሮዘንታል የተባለ አይሁዳዊ ቁማር አስቋማሪ ፖሊሶች ከእሱ ጉቦ እንደሚበሉ ካጋለጠ በኋላ በመሐል ከተማ በጥይት ተገደለ። ከገዳዮቹ የሚበዙት የዚያው ሰፈር ልጆች ነበሩ። ያን ጊዜ ማኅበረሰቡ ጸጥ ማለት አልቻለም። ቀሂላው የራሱን የመረጃ ቢሮ አቋቁሞ፣ ሰው ቀጥሮ፣ ቁማር ቤቶቹንና የቡድኖቹን መሰብሰቢያ አንድ በአንድ መዝግቦ ለከተማው አስተዳደር ማቀበል ጀመረ። ብዙ ቤቶችም ተዘጉ።

ይህን የምናነሣው ያለ ምክንያት አይደለም። እነዚያ ሰዎች ሁለት ነገር በአንድ ላይ አደረጉ። በሕዝባቸው ላይ የተለጠፈውን የሐሰት ስም አልቀበልም አሉ። የራሳቸውን ቤት ጉድም አልሸፈኑም። አንዱን ብቻ ማድረግ ቀላል ነው፤ ሁለቱን አንድ ላይ ማድረግ ግን ከባድ ነው። ያም ሆኖ ቢሮው ከጥቂት ዓመታት በላይ አልቆየም። ገንዘቡም አለቀ፣ የመሪዎቹም አሳብ ተከፋፈለ። መንገዱ እንደገና ለሌሎች ተተወ።

አምስት ሳንቲም

ሜየር በትምህርቱ ጎበዝ፣ በተለይም በሒሳብ ፈጣን ልጅ ነበር። በአካሉ ግን አጭርና ቀጭን ነበር። ዓርብ ዓርብ እናቱ ለሰንበት የሚሆነውን ወጥ፣ በእስራኤል ሐሚን የምንለውን፣ በድስት አዘጋጅታ ወደ ዳቦ ጋጋሪው ትልከው ነበር። ምግቡ በጋጋሪው ምድጃ ውስጥ ሲበስል አድሮ በማግስቱ ይበላል። ለጋጋሪው የሚከፈለው አምስት ሳንቲም ነበር።

በመንገዱ ላይ ዳይስ የሚባለውን የቁማር ጠጠር የሚያንከባልሉ ሰዎች ነበሩ። አንድ ዓርብ ልጁ ቆሞ አያቸው። አንድ ሰው አምስት ሳንቲም አስይዞ ሲያተርፍ አየ። እሱም እናቱ የሰጠችውን አስያዘና በአንድ ጊዜ ተበላ። ያን ሰንበት ቤተሰቡ ትኩስ ምግብ ሳይበላ ዋለ። እናቱ አለቀሰች። ላንስኪ ከስልሳ ዓመታት በኋላ በእስራኤል ሕይወቱን ለጋዜጠኞች ሲተርክ ይህን ሰንበት አልረሳውም ነበር።

ሌላ ልጅ ቢሆን ከዚያ በኋላ በዚያ መንገድ አያልፍም ነበር። እሱ ግን በየሳምንቱ እየሄደ ቆሞ ተመለከተ። በመጨረሻም ምሥጢሩን አወቀ፦ መጀመሪያ የሚያሸንፈው ሰው የአጫዋቹ የራሱ ሰው ነው። ሌሎቹን ለማጓጓት ሆን ተብሎ ያሸንፋል። ልጁም አጫዋቹ ለማጓጓት ገንዘብ በሚለቅበት ሰዓት አስይዞ፣ አትርፎ፣ ወዲያው መሄድን ተማረ። የተማረው ትምህርት ግን ቁማር ክፉ ነው የሚል አልነበረም። በቁማር የሚከስረው ተጫዋቹ እንጂ የቤቱ ጌታ አይደለም የሚል ነበር። ቀሪ ሕይወቱን ሁሉ የመራው በዚህ ትምህርት ነው።

በ1917 በአሥራ አምስት ዓመቱ ትምህርቱን አቋርጦ በብረታ ብረት ሙያ ተቀጠረ። ደመወዙ ትንሽ ነበር። በዚያው ሰፈር ቤንጃሚን ሲግል ከሚባል ቁጡና ደፋር አይሁዳዊ ልጅ ጋር ጓደኛ ሆነ። ከሲሲሊ የመጣ ቻርልስ ሉቺያኖ የሚባል ወጣትም ተዋወቀ። እንደሚነገረው ሉቺያኖ የአይሁድ ልጆችን በመንገድ እያስቆመ ላለመደብደብ ገንዘብ ክፈሉኝ ይል ነበር፤ ትንሹ ሜየር ግን አልከፍልም ብሎ ፊት ለፊት ቆመው። ሉቺያኖም በድፍረቱ ተገርሞ ወዳጅ አደረገው። ልጆቹ ቡድን የመሠረቱት መጀመሪያ ከሌሎች ቡድኖች ራሳቸውን ለመከላከል ነበር። በዓለም ላይ ያሉ የወንበዴ ቡድኖች ታሪክ ብዙ ጊዜ እንዲህ ነው የሚጀምረው። ለመከላከል የተሰበሰበው ቡድን ሳይውል ሳያድር አጥቂ ይሆናል።

መጠጥ ሲከለከል

በ1920 መጀመሪያ በመላው አሜሪካ የአልኮል መጠጥ ማምረትና መሸጥ በሕግ ተከለከለ። ክልከላው እስከ 1933 መጨረሻ ቆየ። የሕጉ አሳብ ቤተሰብን ከስካር ማዳን ነበር። ሰው ግን መጠጣቱን አልተወም። ሕጋዊው ነጋዴ ሲወጣ ገበያው ለሕገ ወጡ ተለቀቀ። እስከ ትናንት በመንገድ ላይ ሳንቲም ሲቃሙ የነበሩ ልጆች በጥቂት ዓመታት ውስጥ የጭነት መኪናና የመጋዘን ባለቤት ሆኑ።

ላንስኪ የመኪና ኪራይና ጥገና ቤት ከፈተ። መኪኖቹ መጠጥ ያጓጉዛሉ፤ የሲግል ልጆች በመሣሪያ ያጅባሉ፤ አንዳንዴም የሌላውን ጭነት በመንገድ ይዘርፋሉ። ሒሳቡን የሚይዘው ላንስኪ ነበር። ብዙ በወረቀት አይጽፍም፤ ሁሉንም በጭንቅላቱ ይይዛል ይባላል። ቁማርተኛው አርኖልድ ሮትስቲን ሥራውን እንደ ንግድ ድርጅት እንዲመሩት አስተማራቸው። አስተማሪው ራሱ በ1928 በኒውዮርክ ሆቴል ውስጥ በጥይት ተመትቶ ሞተ።

በ1931 ሁለት ትልልቅ የሲሲሊ አለቆች በአምስት ወር ልዩነት ተገደሉ። ጆ ማሴሪያ በሚያዝያ በምግብ ቤት ውስጥ፣ ሳልቫቶሬ ማራንዛኖ ደግሞ በመስከረም በቢሮው ውስጥ። ወደ ማራንዛኖ ቢሮ የገቡት ገዳዮች የመንግሥት ሠራተኛ መስለው ነበር። ሰውየው ፊታቸውን እንዳይለይ ከአይሁድ ቡድን ተመርጠው የተላኩ እንደነበሩ ይነገራል። ከዚያ በኋላ ሉቺያኖ የበላይ ሆነ፤ ላንስኪም ከጎኑ የማይለይ አማካሪ ሆነ።

ዋጋውን የከፈለ ማን ነው?

ፊልሞቹ የሚያሳዩን አለቆቹን ነው። ዋጋውን የከፈሉትን ሰዎች ግን ብዙ ጊዜ አያሳዩንም። ስለዚህ አንድ ሰው እናንሣ። ጆሴፍ ሮዘን በብሩክሊን የሚኖር አይሁዳዊ ሠራተኛ ነበር። ለልብስ ፋብሪካዎች ዕቃ በመኪና በማጓጓዝ ቤተሰቡን ያስተዳድር ነበር። የላንስኪ ወዳጅ የነበረው ሉዊስ ቡካልተር፣ በቅጽል ስሙ ሌፕኬ፣ የልብስ ፋብሪካዎችንና የሠራተኛ ማኅበራትን በማስፈራራት በቁጥጥሩ ሥር ሲያደርግ ሮዘን ከሥራው ተባረረ። ምንም ሲያጣ በብራውንስቪል ትንሽ የከረሜላ ሱቅ ከፈተ። ወደ አቃቤ ሕጉ ሄዶ ይናገር ይሆናል ተብሎ ስለተፈራ፣ በመስከረም 1936 ማለዳ በሱቁ ውስጥ እንዳለ በጥይት ተደብድቦ ተገደለ።

ብራውንስቪል የላንስኪ ቤተሰብ ከመርከብ ወርዶ መጀመሪያ ያረፈበት ሰፈር ነው። ሮዘን እንደ ላንስኪ አባት ሠርቶ የሚያድር ሰው ነበር። ወንበዴዎቹ ከድህነት ወጣን፣ ሕዝባችንን አስከበርን ሲሉ የሚገድሉት የራሳቸውን ሰፈር ሰው፣ የገዛ አባታቸውን የሚመስል ሰው ነበር። ሌፕኬ በዚህ ግድያ ተፈርዶበት በ1944 በኤሌክትሪክ ወንበር ተቀጣ። የሮዘን ቤተሰብ ግን አባቱን መልሶ አላገኘም።

ላንስኪ ራሱ ሰው ገደለ ተብሎ ተፈርዶበት አያውቅም። እጁን ንጹሕ ለማስመሰል ይጥር ነበር። ነገር ግን የቁማር ገንዘቡ የሚሰበሰበው፣ ተቀናቃኝ የሚርቀው፣ ባለዕዳ የሚከፍለው ከጀርባው ጥይት እንዳለ ሁሉም ስለሚያውቅ ነበር።

በፍትሕ ዓይን ለማየት ያህል ሌላውንም ገጽ እንናገር። በ1930ዎቹ የናዚ ደጋፊዎች በኒውዮርክ ስብሰባ ሲያደርጉ ላንስኪ ሰዎቹን ልኮ ያስበትናቸው ነበር። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜም ወደቡን ከጠላት ሰላዮች ለመጠበቅ የአሜሪካ ባሕር ኃይል የስለላ ክፍል የወደብ ሠራተኞችን ትብብር ሲፈልግ፣ በእስር ላይ ከነበረው ከሉቺያኖ ጋር ያገናኘው እሱ ነው። ይህ እውነት ነው። ይህ እውነት ግን ሮዘንን ከመቃብር አያወጣውም።

ገንዘቡና ቤቱ

ክልከላው ሲነሣ ላንስኪ ሙሉ በሙሉ ወደ ቁማር ዞረ። በሳራቶጋ፣ በፍሎሪዳ፣ በላስ ቬጋስ፣ ከሁሉም በላይ በኩባ ዋና ከተማ በሃቫና ካዚኖ አቋቋመ። በ1953 በሳራቶጋ በቁማር ወንጀል የሦስት ወር እስራት ተፈረደበት። በሕይወቱ ፍርድ ተቀብሎ የታሰረው ያን ጊዜ ብቻ ነው። በሃቫና ከባቲስታ መንግሥት ጋር ተስማምቶ በ1957 መጨረሻ ሪቪየራ የተባለውን ትልቅ ሆቴል ከፈተ። ደስታው ከአንድ ዓመት ብዙም አልዘለለም። በጥር 1 ቀን 1959 ባቲስታ ሸሸ፤ ሕዝቡ ወጥቶ ካዚኖዎቹን ሰባበረ፤ በ1960 ደግሞ የካስትሮ መንግሥት ሆቴሉን ወረሰው። ላንስኪ ካፈሰሰው ገንዘብ አብዛኛው በዚያው ቀረ።

በቤቱ ውስጥም ሰላም አልነበረም። በ1930 የተወለደው የበኩር ልጁ ከልደቱ ጀምሮ አካሉን ማዘዝ የማይችል ሆነ። ላንስኪ የታወቁ ሐኪሞች ዘንድ ወሰደው፤ ብዙ ገንዘብም አፈሰሰ። የመጀመሪያ ሚስቱ ግን ይህ የመጣብን በአንተ ሥራ ነው ብላ ታምን እንደነበር ይነገራል። ኋላም አእምሮዋ ታወከ፤ በ1947 ተፋቱ። በዚያው ዓመት የልጅነት ጓደኛው ሲግል በካሊፎርኒያ ሳሎን ውስጥ እንደ ተቀመጠ በመስኮት በተተኮሰ ጥይት ተገደለ። ላንስኪ አስቀድሞ ያውቅ ነበር ወይስ አያውቅም የሚለው እስከ ዛሬ ያከራክራል።

አንድ ነገር ግን ልብ በሉ። ሁለተኛ ልጁን ወደ ዌስት ፖይንት የጦር አካዳሚ ላከው። ልጁም በ1954 ተመርቆ የጦር መኮንን ሆነ። ላንስኪ ሥራው መልካም ነው ብሎ ቢያምን ኖሮ ለልጁ ባወረሰው ነበር። እሱ ግን በመላ አቅሙ ልጁን ከዚያ ሥራ አራቀ። የሰፈሩን ሌሎች ልጆች ያሰማራበትን መንገድ ለራሱ ልጅ አልመረጠለትም። ስለ ወንበዴ ኑሮ ከዚህ የበለጠ ምስክር መፈለግ አያስፈልግም።

በእስራኤል ደጅ

በ1970 የአሜሪካ መንግሥት በግብር ማጭበርበር ሊከሰው ሲዘጋጅ ላንስኪ ከሁለተኛ ሚስቱ ጋር በቱሪስት ቪዛ ወደ እስራኤል መጣ። የክሱ መነሻ በላስ ቬጋስ ካዚኖ ውስጥ ገንዘቡ ተቆጥሮ በመዝገብ ከመጻፉ በፊት ከላዩ ላይ እየተነሣ ለአለቆቹ ይከፋፈል ነበር የሚል ነው። እስራኤል ሳለም ክሱ ተመሠረተ። እሱ በቴል አቪቭ ሲኖር፣ ሲያዩት ጸጥተኛና ትሑት ሽማግሌ ነበር። ውሻውን ይዞ ይንሸራሸራል፤ መጽሐፍ ያነባል፤ ከጋዜጠኞች ጋር ቡና ይጠጣል። አያቶቹ በተቀበሩበት አገር መሞት እንደሚፈልግም ይናገር ነበር።

በ1950 የወጣው የመመለስ ሕግ ማንኛውም አይሁዳዊ ወደ እስራኤል የመምጣት መብት ይሰጠዋል። በ1954 ግን አንድ ገደብ ተጨምሯል። የወንጀል ታሪክ ያለውንና የሕዝብን ደኅንነት ሊጎዳ የሚችለውን ሰው የአገር ውስጥ ሚኒስትሩ ሊከለክል ይችላል። ሚኒስትሩ ዮሴፍ ቡርግ ይህን አንቀጽ ጠቅሰው ጥያቄውን አልተቀበሉም። ላንስኪ ወደ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ፣ ባጋጽ ወደምንለው፣ አቤት አለ። አምስት ዳኞች ተቀመጡ። ሰብሳቢው ፕሬዚዳንቱ ሺሞን አግራናት ነበሩ። እሳቸውም በአሜሪካ ተወልደው፣ የወንበዴዎች ከተማ ተብላ በተጠራችው በቺካጎ ያደጉ ሰው ናቸው።

የላንስኪ ጠበቃ ይህ ሰው የተፈረደበት ነገር በጣም ጥቂት ነው እያለ ተከራከረ። ዳኞቹ ግን የወንጀል ታሪክ በፍርድ ብዛት ብቻ አይለካም አሉ። በተደራጀ ወንጀል ውስጥ የነበረውን ስፍራ የሚያሳየውን ማስረጃ መዝነው በመስከረም 1972 አቤቱታውን በአንድ ድምፅ ውድቅ አደረጉ።

እዚህ ላይ ትንሽ ቆም እንበል። ላንስኪ ታዋቂ ጠበቃ ቀጥሮ ስለ መመለስ ሕግ በሚከራከርባቸው በእነዚያው ዓመታት፣ በጎንደርና በትግራይ መንደሮች የነበሩ ወገኖቻችን ፊታቸውን ወደ ኢየሩሳሌም አዙረው ይጸልዩ ነበር። እነሱ ማንንም አልዘረፉም፤ ማንንም አልገደሉም። ሆኖም የመመለስ ሕግ ለእነሱም ይሠራል ብሎ የወሰነ መንግሥት ገና አልነበረም። ዋናው ራቢ ኦቫድያ ዮሴፍ ቤተ እስራኤል አይሁድ መሆናቸውን ያረጋገጡት በ1973፣ መንግሥትም በሕጉ እንዲካተቱ የወሰነው በ1975 ነው። አንዱ በመወለዱ ያገኘውን መብት በሥራው አጣው። ሌሎቹ የሚገባቸውን መብት እስኪሰጣቸው ድረስ በንጹሕ እጃቸው ጠበቁ። ሽማግሌዎቻችን በረሃ አቋርጠው፣ በሱዳን መንገድ ላይ ሰው ቀብረው የገቡበት በር ይህ ነው። በሩ ዋጋ እንዳለው ልጆቻችን እንዲያውቁ የምንፈልገውም ለዚህ ነው።

የመጨረሻው ዘመን

ላንስኪ በኅዳር 1972 ከእስራኤል ወጣ። በስዊዘርላንድ አድርጎ ወደ ደቡብ አሜሪካ በረረ። የሚቀበለው አገር ግን አላገኘም። ፓራጓይ ሲደርስም ከአውሮፕላን እንዳይወርድ ተደረገ። የሰባ ዓመት ሽማግሌ ከአገር አገር በሰማይ ላይ ሲንከራተት ቆይቶ በመጨረሻ ማያሚ ሲያርፍ የፌዴራል ፖሊሶች ጠብቀው ያዙት። በኋላ በአንዱ ክስ ነፃ ወጣ፤ ሌላው በጤናው ምክንያት ተቋረጠ። ወደ እስራኤል ለመመለስ ዳግመኛ ቢሞክርም አልተሳካለትም።

የቀረውን ዕድሜውን በማያሚ ቢች ውሻውን ይዞ በመንሸራሸር ጨረሰ። በጥር 15 ቀን 1983 በሳንባ ካንሰር ሞተ፤ የተቀበረውም እዚያው ማያሚ ነው። ፎርብስ የተባለው መጽሔት ከዚያ ቀደም ባለው ዓመት ከአሜሪካ ሀብታሞች ተርታ ቆጥሮት ነበር። ሰዎች 300 ሚሊዮን ዶላር አለው ይሉ ነበር። ቤተሰቡ ከሞተ በኋላ ቢፈልግ ያን የሚያህል ገንዘብ አላገኘም። በሽተኛው የበኩር ልጁ በ1989 የሞተው በድህነት፣ በመንግሥት የድሆች የሕክምና ርዳታ እየታከመ ነው። ያ ሁሉ ደም ያ ሁሉ ሩጫ ለአንድ በሽተኛ ልጅ እንኳ የሚተርፍ አልሆነም።

ምን እንማራለን?

በኒውዮርክ የአይሁድ ወንበዴ ቡድኖች ከአንድ ትውልድ ብዙም አልዘለሉም። ያጠፋቸው ፖሊስ ብቻ አይደለም። የሮዘን ዓይነት ሰዎች ልጆች ትምህርት ቤት ገብተው ሐኪም፣ መምህር፣ ጠበቃ ሲሆኑ፣ የወንበዴው መንገድ ተተኪ አጣ። በር ሲከፈት መስኮት ሰብሮ የሚገባ ይቀንሳል።

በር ሲዘጋ የሚሆነውንም ዓለም አይቶታል። በ1980ዎቹ ከኤል ሳልቫዶር ጦርነት ሸሽተው ሎስ አንጀለስ የገቡ ቤተሰቦች ልጆች በመንገድ ላይ ከሚደበድቧቸው ቡድኖች ራሳቸውን ለመከላከል ተሰበሰቡ። ኤም ኤስ 13 የተባለው ቡድን የተወለደው እንዲህ ነው። አሜሪካ ታሳሪዎቹን ወደ አገራቸው ስትመልስ ቡድኑም አብሮ ሄዶ ያችን ትንሽ አገር ለዓመታት በደም አጠባት። በአገራችን በእስራኤልም በ2023 በአረብ ማኅበረሰብ ውስጥ ከ200 በላይ ሰዎች በወንጀል ተገድለዋል። ከሞቱት ብዙዎቹ ወጣቶች ናቸው። የእነሱም እናቶች እንደ እኛ እናቶች ያለቅሳሉ።

በአገራችን ተረት አንድ ሌባ ሊሰቀል ሲል እናቱን በእንቁላሉ ጊዜ በቀጣሽኝ አላት ይባላል። የላንስኪ እንቁላል ያቺ አምስት ሳንቲም ነበረች። እናቱ ግን ልጇ በዚያ መንገድ ላይ በየሳምንቱ ቆሞ የሚማረውን ትምህርት በምን ታውቀው? የመንገዱን ቋንቋ አታውቅም፤ አባቱም ከፋብሪካ አልተመለሰም። ስለዚህ ጥፋቱን በእናት ላይ ብቻ አንጣል። ልጁ ከትምህርት ሲቀር የጠየቀ ጎረቤት አልነበረም። መምህሩ ቤት ድረስ አልመጣም። የማኅበረሰቡ ቢሮም ገንዘብ አልቆበት ተዘግቶ ነበር።

ዛሬ ማታ ልጃችን ሲገባ የት እንደ ዋለ፣ ከማን ጋር እንደ ዋለ፣ በኪሱ ያለው ገንዘብ ከየት እንደ መጣ እንጠይቀው። ቋንቋው ቢከብደን በአማርኛ እንጠይቀው፤ እሱ በዕብራይስጥ ይመልስልን። የጎረቤታችን ልጅ ሲሆንም አያገባኝም አንበል። ድር ቢያብር አንበሳ ያስር ይላሉ አባቶቻችን።

ቸር ይግጠመን።